ስልካችሁን ቲቪ ላይ ለማውጣት፦ ኬብል ከመግዛታችሁ በፊት

በዓል ሲቃረብ ሁሌ የሚመጣ ጥያቄ ነው፣ የስልኬን ስክሪን ቲቪ ላይ እንዴት ላውጣው? አንዱ የሰርግ ቪዲዮ ለቤተሰብ ማሳየት ይፈልጋል፣ አንዷ አሜሪካ ወይ ዱባይ ያለችውን እህቷን በቪዲዮ ኮል ለእናቷ በትልቁ ማሳየት ትፈልጋለች፣ ልጆቹ የትምህርት ቪዲዮ በትንሽ ስክሪን እያዩ አይናቸው ተጎዳ የሚልም አለ፣ ምክንያቱ ብዙ ነው። እና አብዛኛው ሰው መጀመሪያ የሚያደርገው ሱቅ ሄዶ "ስልክን ከቲቪ የሚያገናኝ ኬብል አለ?" ብሎ መጠየቅ ነው፣ ሻጩም ታይፕ ሲ ወደ ኤችዲኤምአይ የሚለውን ያወጣለታል፣ ከፍሎ ቤቱ ይገባል፣ ይሰካዋል፣ ቲቪው "ኖ ሲግናል" ይላል። ኬብሉም ስልኩም አልተበላሹም እኮ፣ ስልኩ ከመጀመሪያው በዛ ቀዳዳ ምስል ማውጣት የማይችል ሆኖ ነው። ይሄ ነገር በጣም ያናድደኛል ምክንያቱም አብዛኛው ሰው ኬብል ጭራሽ አያስፈልገውም ነበር፣ ስልኩ ውስጥ ያለው ነገር በነፃ ይሰራለት ነበር። ስለዚህ ብር የማያስወጣውን እናስቀድም፣ የሚያስወጣውን ወደ መጨረሻ።

ቲቪያችሁ ምን አይነት ነው?

ከስልኩ በፊት ቲቪውን ማየት ያስፈልጋል። ሪሞቱን አንሱ፣ የቤት ምልክት ያለው ቁልፍ አለው? ስትጫኑትስ ዩቲዩብ ምናምን የሚሉ አፖች ይደረደራሉ? ከተደረደሩ ስማርት ነው፣ ስማርት ከሆነ ደግሞ ብዙ ጊዜ ምንም መግዛት አይጠበቅባችሁም። ፍላት ሆኖ አፕ ከሌለው ጀርባውን ወይ ጎኑን ዞር አድርጋችሁ እዩት፣ የዲሽ ሪሲቨራችሁ የተሰካበት ከላይ ሰፋ ከታች ጠበብ ያለ ቀዳዳ አለ፣ አጠገቡ ኤችዲኤምአይ 1፣ ኤችዲኤምአይ 2 እየተባለ ተጽፏል። አንዱን ሪሲቨሩ ከያዘው ሌላው ነፃ መሆኑን አረጋግጡና ቁጥሩን ያዙት፣ በኋላ ሪሞት ላይ ሶርስ ወይም ኢንፑት የሚለውን ስትጫኑ የምትመርጡት እሱን ነው። ሆዱ ትልቅ የሆነው የድሮ ቲቪ ከሆነ ያለው ቀይ፣ ነጭ፣ ቢጫ ቀዳዳ ነው፣ እሱም መላ አለው፣ ወደ ታች እመጣበታለሁ።

ሚረሪንግና ካስት አንድ አይደሉም

ብዙ ሰው ግራ የሚጋባው እዚህ ጋር ስለሆነ ትንሽ ልቆይበት።

ሚረሪንግ ማለት ስልካችሁ ላይ የሚታየው ነገር እንዳለ ቲቪው ላይ መታየቱ ነው፣ ጋለሪ ብትከፍቱ ጋለሪው፣ ቴሌግራም ብትከፍቱ ቴሌግራሙ። አንድሮይድ ላይ ይሄን አብዛኛውን ጊዜ የሚሰራው ሚራካስት የሚባለው ነው፣ በፈረንጆቹ 2012 የወጣ፣ ስልኩና ቲቪው በዋይፋይ ሞገድ በቀጥታ እርስ በርሳቸው ይገናኙበታል፣ ራውተር አያስፈልግም፣ ኢንተርኔት አያስፈልግም። ደግሜ ልበለው፣ ኢንተርኔት አያስፈልግም! ፓኬጅ ባይኖራችሁም፣ ኔትወርክ የማይደርስበት ገጠር ብትሆኑም፣ መብራት እስካለ ድረስ ሜሞሪ ላይ ያለውን ፊልም ቲቪ ላይ ታያላችሁ፣ አንድ ሜጋ አይቆጥርባችሁም። "ዋይፋይ አብሩ" ሲባል "እኛ ቤት ዋይፋይ የለም" ብሎ የሚተወው ሰው ብዙ ነው፣ ግን የስልኩ የዋይፋይ ማብሪያ ይብራ ነው እንጂ ከምንም ጋር ባይገናኝ ችግር የለውም።

ካስት ሌላ ነው። ካስት ስታደርጉ ስልኩ ቪዲዮውን አይልክም፣ ቲቪውን "ይሄን ቪዲዮ ክፈት" ብቻ ይለዋል፣ ቲቪው ራሱ ከኢንተርኔት ይጎትተዋል። ጥቅሙ ግልፅ ነው፣ ቪዲዮው ከተከፈተ በኋላ ስልካችሁን ብትቆልፉት፣ ብትደውሉበት፣ ቲቪው ላይ ያለው አይቋረጥም፣ ጥራቱም ከሚረሪንግ ይበልጣል። ጉዳቱ ደግሞ ኢንተርኔት የግድ ነው፣ ቲቪውና ስልኩም አንድ ዋይፋይ ላይ መሆን አለባቸው። ክሮምካስት ሲባል የምትሰሙት ይሄ ነው፣ ጉግል በ2013 ያወጣት ትንሿ እቃ፣ እቃዋን በ2024 ማምረት አቁሟል ግን አሰራሩ አንድሮይድ ቲቪና ጉግል ቲቪ የሚባሉት ውስጥ ተገጥሞ ነው የሚመጣው፣ ቲሲኤልና ሶኒ ላይ በብዛት ታገኙታላችሁ።

የኔ ምክር ቀላል ነው፣ ስልኩ ላይ የተቀመጠ ፎቶና ቪዲዮ ከሆነ ሚረሪንግ፣ ዩቲዩብ ከሆነ ካስት።

አንድሮይድ ስልክ ለያዛችሁ

1. የስልኩን ዋይፋይ አብሩ። ባትሪ ቆጣቢው በርቶ ከሆነ አጥፉት፣ እሱ ሲበራ ምስሉ የሚቆራረጥባቸው ስልኮች አሉ።

2. ቲቪውን አዘጋጁ። አዲስ ሳምሰንግ ከሆነ ቲቪውን ማብራት ብቻ ይበቃል፣ ቆየት ያለ ከሆነ ግን ሶርስ ውስጥ ገብታችሁ ስክሪን ሚረሪንግ የሚለውን ክፈቱ። ኤልጂ ላይ ከአፖቹ መሀል ስክሪን ሼር የሚል አለ። ሀይሴንስ ላይ ኤኒቪው ካስት ወይም ስክሪን ሼሪንግ ይላል። የማታውቁት የቻይና ብራንድ ከሆነም አይዟችሁ፣ ሚራካስት፣ ዋየርለስ ዲስፕሌይ ወይም ስክሪን ሚረሪንግ ከሚሉት አንዱን ፈልጉ፣ ስሙ ነው የሚለያየው እንጂ ነገሩ አንድ ነው። ከፍታችሁት "በመጠበቅ ላይ" የሚል አይነት ጽሁፍ ሲመጣ እዛው ተዉት፣ አትውጡ።

3. ስልኩ ላይ ከላይ ወደ ታች ሁለቴ ሳቡ፣ ዋይፋይና ቶርች የሚበራበት ቦታ ማለት ነው። ሳምሰንግ ላይ ስማርት ቪው፣ ሬድሚና ሻኦሚ ላይ ካስት፣ ሁዋዌ ላይ ዋየርለስ ፕሮጀክሽን፣ ቴክኖና ኢንፊኒክስ ላይ እንደ ሞዴሉ ካስት ወይም ስክሪን ካስት ወይም ዋየርለስ ዲስፕሌይ ይላል። ካጣችሁት ሴቲንግ ከፍታችሁ መፈለጊያው ላይ በእንግሊዝኛ ካስት ብላችሁ ጻፉ፣ ካለ ይመጣል።

4. የቲቪው ስም ሲመጣ ንኩት። እዚህ ጋር ኮንዶሚኒየም የምትኖሩ ሰዎች ተጠንቀቁ፣ የጎረቤት ቲቪም ዝርዝሩ ውስጥ ይመጣል፣ ከላይም ከታችም ከጎንም ያለው ቤት ሁሉም ተመሳሳይ ሳምሰንግ ከገዛ ሶስት አራት ተመሳሳይ ስም ታያላችሁ። ብዙዎቹ ቲቪዎች ሳይፈቀድላቸው አይቀበሉም ግን ሁሉም አይደሉም፣ የቤተሰባችሁ ፎቶ ሰው ሳሎን ውስጥ እንዳይወጣ ከመጀመሪያው የቲቪያችሁን ስም ሴቲንግ ውስጥ ገብታችሁ ቀይሩት፣ የራሳችሁ ምልክት ያለው ስም ስጡት።

5. ቲቪው ላይ ፍቀድ ወይስ ከልክል የሚል ጥያቄ ሲመጣ ቶሎ በሪሞት ፍቀዱ። ጥያቄው ትንሽ ቆይቶ ይጠፋል፣ ካመለጣችሁ ከስልኩ እንደገና ሞክሩ። ከዛ ስልኩ "ጀምር" ይላችኋል፣ እሺ በሉት።

በቃ ወጣ ማለት ነው። ስልኩን ወደ ጎን ስታጋድሙት ምስሉም ቲቪውን ይሞላል፣ ካልዞረ ኦቶ ሮቴት መብራቱን እዩ። ቁሞ የተቀረፀ ቪዲዮ ግን ምንም ብታደርጉት ግራና ቀኙ ጥቁር ሆኖ ነው የሚታየው፣ ቲቪው አልተበላሸም።

ፒክስል የሚባለውን የጉግልን ስልክ የያዛችሁ ሚራካስት አትፈልጉ፣ የለውም፣ የጉግልን ካስት ብቻ ነው የሚቀበለው፣ ስለዚህ አንድሮይድ ቲቪ ወይ ክሮምካስት ያስፈልጋችኋል፣ ጉግል ሆም የሚለውን አፕ አውርዳችሁ በሱ ታገናኙታላችሁ።

የዩቲዩብ ካስት ደግሞ ከዚህም ይቀላል። ቪዲዮውን ስትከፍቱ ላዩ ላይ ጥግዋ ላይ የዋይፋይ ሞገድ ያላት አራት ማዕዘን ምልክት አለች፣ እሷን ነክታችሁ ቲቪውን መምረጥ ነው። ቲቪውና ስልኩ የተለያየ ኔትወርክ ላይ ከሆኑ፣ ለምሳሌ ቲቪው በቤቱ ዋይፋይ ስልኩ በዳታ ከሆነ፣ ቲቪው ላይ ዩቲዩብን ከፍታችሁ ሴቲንጉ ውስጥ በቲቪ ኮድ አገናኝ የሚል አለ፣ ቁጥር ያወጣላችኋል፣ ያንን ቁጥር ስልካችሁ ላይ ዩቲዩብ ውስጥ ማስገባት ነው፣ ይሰራል።

አይፎን ለያዛችሁ

አይፎን ሚራካስት አይችልም፣ አትሞክሩት፣ የራሱ ኤርፕሌይ የሚባል ነገር ነው ያለው። ቲቪው ኤርፕሌይ የሚቀበል መሆን አለበት፣ በፈረንጆቹ ከ2018 ወዲህ የወጡ ብዙ ሳምሰንጎች፣ ከ2019 ወዲህ የወጡ ብዙ ኤልጂዎች አላቸው፣ ርካሾቹ ሞዴሎች ላይ ላይኖር ስለሚችል ቲቪው ሴቲንግ ውስጥ ኤርፕሌይ የሚል ቃል መኖሩን እዩ። ካለ አብሩት፣ ስልኩንና ቲቪውን አንድ ዋይፋይ ላይ አድርጉ፣ ከዛ አይፎኑ ላይ ኮንትሮል ሴንተር አውርዱ፣ ከላይ ቀኝ ጥግ ወደ ታች በመሳብ፣ ሆም በተን ባላቸው የድሮዎቹ ደግሞ ከታች ወደ ላይ፣ ሁለት የተደራረቡ አራት ማዕዘኖች ምልክት አለች፣ ስክሪን ሚረሪንግ ናት፣ ነክታችሁ ቲቪውን ምረጡ። ቲቪው ላይ አራት ቁጥር ይወጣል፣ ስልኩ ላይ ጻፉት፣ አለቀ።

ቤት ውስጥ ዋይፋይ ከሌለ ሌላ ሰው በስልኩ ሆትስፖት ያብራ፣ አይፎኑም ቲቪውም እዛ ላይ ይገናኙ። የጋለሪ ፎቶ እስካሳያችሁ ድረስ በዛ ሆትስፖት የሚያልፈው ነገር ከኢንተርኔት ስላልሆነ የባለቤቱን ፓኬጅ አይበላም፣ ግን ቲቪው ራሱ በኋላ በኩል አፕዴት ማውረድ ሊጀምር ይችላል! ይሄ ብዙ ሰው ሳያውቀው ፓኬጁን የሚጨርስበት ነገር ነው፣ ቲቪን ከሆትስፖት ጋር ስታገናኙ መጀመሪያ የቲቪው ሴቲንግ ውስጥ ገብታችሁ ኦቶ አፕዴት የሚለውን አጥፉት።

ቲቪው ስማርት ካልሆነ

ኤችዲኤምአይ ቀዳዳ እስካለው ድረስ ኤኒካስት የምትባል ወይም እሷን የመሰለች ትንሽ ዶንግል ይበቃችኋል፣ ከመርካቶም ከመገናኛም አትጠፋም፣ ለኔ ከታይፕ ሲው ኬብል ይልቅ ብር የሚወጣባት እሷ ናት ምክንያቱም አብዛኛው አንድሮይድ ስልክም አይፎንም ይሰራባታል። አገጣጠሟ እንዲህ ነው፣ ኤችዲኤምአይ ጫፏን ቲቪው ላይ፣ የዩኤስቢ ገመዷን ግን ቲቪው ላይ ሳይሆን የስልክ ቻርጀር ላይ ሰኩት። ቲቪው ዩኤስቢ ላይ ስትሰኩት ትበራለች ግን የብዙ ቲቪ ዩኤስቢ ኃይሉ ትንሽ ነው፣ እያጠፋች ታበራለች፣ ሰውም "ፎርጅድ ነው የሸጡልኝ" ብሎ ይጥላታል። ከዛ ሶርስ ላይ የሰካችሁበትን ኤችዲኤምአይ ምረጡ፣ ስክሪኑ ላይ የዶንግሏ ስምና ፓስወርድ ይወጣል።

አንድሮይድ ከሆነ ዶንግሏ ሚራካስት ላይ መሆን አለባት፣ አይፎን ከሆነ ኤርፕሌይ ላይ፣ ሁለቱን የምትቀያይረው ጎኗ ላይ ያለችው ትንሽ ቁልፍ ናት፣ አንዴ ስትጫኗት ስክሪኑ ላይ ያለው ጽሁፍ ሲቀየር ታያላችሁ። "ቲቪው ስልኬ ላይ አይመጣም" ከሚሉት ውስጥ ብዙዎቹ ችግራቸው ይሄ ብቻ ነው። አይፎን ላይ ደግሞ መጀመሪያ ስልኩን ዋይፋይ ሴቲንግ ውስጥ ገብታችሁ ከዶንግሏ ዋይፋይ ጋር ስክሪኑ ላይ ባለው ፓስወርድ አገናኙት፣ ከዛ ነው ስክሪን ሚረሪንግ የሚሰራው።

ቀይ ነጭ ቢጫ ብቻ ላለው የድሮ ቲቪ በዶንግሏና በቲቪው መሀል የምትገባ ትንሽ ሳጥን አለች፣ ኤችዲኤምአይን ወደ ኤቪ የምትቀይር። ስትገዙ ላይዋ ላይ የተጻፈውን አንብቡ፣ በጣም ተመሳሳይ የሆነች ተቃራኒዋ አለች፣ ኤቪን ወደ ኤችዲኤምአይ የምትቀይር፣ መልካቸው አንድ ነው፣ የምትፈልጉት ኤችዲኤምአይ ሲገባባት ኤቪ የሚወጣባትን ነው። ምስሉ ይታያል፣ ፊልምና ፎቶ ደስ ይላል፣ ጽሁፍ ግን አይነበብም፣ ያንን አውቃችሁ ግቡ።

ቲቪም ከሌለ ላፕቶፕ ካላችሁ ዊንዶውስ 10 እና 11 ላይ ዋየርለስ ዲስፕሌይ የሚል ተጨማሪ ነገር ከሴቲንግ መጫን ይቻላል፣ አንድሮይዳችሁ ላፕቶፑን እንደ ቲቪ ያየዋል። ኢንተርኔት የሚፈልገው ሲጫን ብቻ ነው።

በኬብል፣ ለማን ነው የሚሰራው?

አሁን ወደ ኬብሉ። ታይፕ ሲ ቀዳዳ ያለው ስልክ ሁሉ ምስል አያወጣም። ቀዳዳው አንድ አይነት ይመስላል ግን ውስጡ ይለያያል፣ ዲስፕሌይ ፖርት የሚባለው ነገር ፋብሪካ ላይ ከተገጠመለት ብቻ ነው ወደ ኤችዲኤምአይ የሚያወጣው፣ ካልተገጠመለት በአፕም በአፕዴትም አይመጣም።

የሚሰራላቸው፦ ሳምሰንግ ኤስ ሲሪስ በ2017 ከወጣው ኤስ8 ጀምሮ፣ ኖት ከኖት 8 ጀምሮ፣ ሁዋዌ ሜት 10፣ ፒ20 ፕሮ እና ፒ30 ፕሮ፣ ፒክስል ከ8 ጀምሮ፣ አይፎን በ2023 ታይፕ ሲ ይዞ ከመጣው አይፎን 15 ጀምሮ። የማይሰራላቸው ደግሞ እዚህ አገር በብዛት ሰው እጅ ላይ ያሉት ናቸው፣ አብዛኛው ሳምሰንግ ኤ ሲሪስ፣ ቴክኖ ስፓርክ፣ ኢንፊኒክስ ሆት፣ ሬድሚ ኖት። ስለዚህ ኤ14 ይዛችሁ ታይፕ ሲ ወደ ኤችዲኤምአይ ኬብል አትግዙ፣ ሻጩ "ለሁሉም ይሰራል" ቢላችሁም አትግዙ፣ ወይም ሱቁ ውስጥ ቲቪ ላይ ሰክታችሁ አይታችሁ ግዙ፣ ይሄን መጠየቅ መብታችሁ ነው።

ዝርዝሩ ውስጥ የሌለ ስልክ ከሆነ የሞዴሉን ሙሉ ስም ጂኤስኤም አሬና የሚባለው የስልክ መረጃ ድረገፅ ላይ ፈልጉና ዩኤስቢ የሚለው መስመር ላይ ምን እንደተጻፈ እዩ፣ 3.1 ወይም 3.2 ብሎ ዲስፕሌይ ፖርት የሚል ቃል ከጨመረ ይሰራል፣ 2.0 ብቻ ካለ አንድሮይድ ላይ አይሰራም ብላችሁ ያዙት። አይፎን 15 ፍጥነቱ 2.0 ሆኖ ምስል የሚያወጣ ስለሆነ በዚህ መለኪያ አትመዝኑት።

ኬብሉ ሲሰራ ግን ከሁሉም የተሻለው እሱ ነው፣ አይዘገይም፣ አይቆራረጥም፣ ፕሮጀክተር ላይ ለስብሰባና ለቤተክርስቲያን ፕሮግራም የምትጠቀሙ ከሆነ በዋይፋይ ላይ አትመኩ፣ ሰው ሲሞላ ሞገዱ ይጨናነቃል። ኤስ ሲሪስ ሳምሰንጎች ላይ ደግሞ ዴክስ የሚባል ነገር ይከፈታል፣ ቲቪው ላይ የኮምፒውተር አይነት ገፅ ይመጣል፣ ኪቦርድና ማውዝ በብሉቱዝ ካገናኛችሁ ዶክመንት መጻፍ ሁሉ ይቻላል፣ ኮምፒውተር መግዛት ላልቻለ ተማሪ ትልቅ ነገር ነው።

ከአይፎን 14 ወደ ታች የያዛችሁ የላይትኒንግ አዳፕተር ነው የሚያስፈልጋችሁ፣ ብዙዎቹ ኮፒዎች ቻርጀር አብሮ ካልተሰካባቸው አይሰሩም፣ ስልኩ ላይ "ትረስት" ሲላችሁም እሺ ማለት አለባችሁ።

አንድ ሌላ አይነት ኬብልም ገበያ ላይ አለ፣ ሶስት እግር ያለው፣ አንዱ ለስልኩ አንዱ ለቲቪው አንዱ ለኃይል፣ ኪውአር ኮድ ስካን አድርጋችሁ አፕ ጫኑ የሚል። ርካሽ ስልኮች ላይም ሊሰራ ይችላል ግን ይዘገያል፣ ከሁሉም በላይ ከፕሌይ ስቶር ውጪ የሚወርድ አፕ ስክሪናችሁን ሙሉ እንዲያይ ፍቃድ እየሰጣችሁት ነው፣ የባንክ አፕ ያለበት ስልክ ላይ እኔ አልመክርም።

የስልኩን የቻርጀር ገመድ ቲቪው ዩኤስቢ ላይ መሰካትስ? ይሄ ሚረሪንግ አይደለም፣ ብዙ ጊዜ ቻርጅ ብቻ ነው የሚያደርገው። ስልኩ ላይ ፋይል ትራንስፈር ስትመርጡ ፎቶና ቪዲዮውን የሚያነቡ አንዳንድ ቲቪዎች አሉ፣ ካልሆነ ግን ፋይሉን ፍላሽ ላይ ገልብጣችሁ ፍላሹን ሰኩት።

የቪዲዮ ኮል ነገር

ብዙዎቻችሁ ይሄን ሁሉ የምታነቡት ለዚህ ስለሆነ ለብቻው ላውራው። በዋትስአፕ፣ በኢሞ ወይም በቴሌግራም እየደወላችሁ ሚረሪንግ ስታደርጉ የሰውዬው ፊት ቲቪው ላይ ይወጣል፣ ካሜራው ግን ያው የስልኩ ነው። ስለዚህ ስልኩን እጃችሁ ላይ አትያዙት፣ ቲቪው ስር መሀሉ ላይ ስታንድ ወይም የሆነ ነገር አስደግፋችሁ ወደ ጎን አጋድማችሁ አስቀምጡት፣ እናታችሁ ቲቪውን ስታይ ወደ ካሜራው የምታይ ትመስላለች፣ እዛ ያለችው ልጅም አይን ለአይን ያየቻት ያህል ይሰማታል። ስልኩን ጎን ላይ ካደረጋችሁት ግን ሁሉም ሰው ወደ ሌላ ቦታ የሚያይ ይሆናል፣ ወሬውም አይጥምም።

ድምፁ ላይ አንድ ነገር እወቁ፣ የኮል ድምፅ ብዙ ጊዜ ወደ ቲቪው አይሄድም፣ ስልኩ ላይ ይቀራል። ይሄ ብልሽት አይደለም። ስፒከሩን አብሩ፣ ክፍሉ ሰፊ ከሆነ የብሉቱዝ ስፒከር ከስልኩ ጋር አገናኙ፣ ግን ስፒከሩን ከስልኩ ራቅ አድርጉት ያለዛ ድምፁ ተመልሶ በማይኩ እየገባ ማዶ ያለው ሰው የራሱን ድምፅ ይሰማል። በስልክ በኩል ደወል ቢመጣ ኮሉ እንዳይቋረጥም ሲም የሌለበት፣ በዋይፋይ የሚሰራ ሌላ ስልክ ካለ እሱን ተጠቀሙ።

እና እባካችሁ ከመጀመራችሁ በፊት ኖቲፊኬሽን ዝጉ፣ ዱ ኖት ዲስተርብ አብሩ። ቤተሰብ ሁሉ ተሰብስቦ ባለበት የባንክ ሂሳብ መልዕክት ሙሉ ቁጥሩ፣ ወይም ለእናንተ ብቻ የተላከ ቴሌግራም ሜሴጅ በ55 ኢንች ሲወጣ መመለሻ የለውም።

እምቢ ሲል

ቲቪው ጭራሽ ካልመጣ ስልኩንም ቲቪውንም አጥፍታችሁ አብሩ፣ ቲቪውን በሪሞት ሳይሆን ከሶኬት ነቅላችሁ ትንሽ አቆይታችሁ። ድሮ ይሰራ የነበረ ሳምሰንግ ድንገት እምቢ ካለ አንድ ቀን የሆነ ሰው "ከልክል" ብሎት ሊሆን ይችላል፣ ቲቪው ሴቲንግ፣ ጀነራል፣ ኤክስተርናል ዲቫይስ ማኔጀር፣ ከዛ ዲቫይስ ኮኔክሽን ማኔጀር ውስጥ የስልኮች ዝርዝር አለ፣ ስልካችሁን አጥፉትና እንደ አዲስ አገናኙ።

ከተቆራረጠ ስልኩን ወደ ቲቪው አስጠጉ፣ መሀል ላይ ግድግዳ አይኑር፣ የማትጠቀሙበትን ብሉቱዝ አጥፉ። ትንሽ መዘግየቱ ግን የሚራካስት ባህሪ ነው፣ ጌም ለመጫወት አይሆንም።

ድምፅ ካለ ምስሉ ግን ጥቁር ከሆነ ኔትፍሊክስን የመሰለ አፕ እየከፈታችሁ ነው ማለት ነው፣ ኮፒ እንዳይደረግ ብለው ሆን ብለው ነው የሚዘጉት፣ የባንክ አፖችም ለደህንነት ሲባል እንደዛው። የቲቪው የራሱ አፕ ላይ ግቡ። የምስሉ ዳርና ዳር ከተቆረጠ ደግሞ ችግሩ ከቲቪው ነው፣ ፒክቸር ሳይዝ ውስጥ ጀስት ስካን ወይም ስክሪን ፊት የሚለውን ምረጡ።

ዳታ ላይ፣ ሚረሪንጉ ራሱ አይቆጥርም ብያለሁ፣ ግን በዛ ላይ የምታዩት ዩቲዩብ ይቆጥራል። በ480 ጥራት ስታዩ በሰዓት ግማሽ ጊጋ አካባቢ፣ በ1080 ከሆነ ከ1.5 እስከ 3 ጊጋ ይሄዳል። ካስት ስታደርጉ ቲቪው ከፍተኛውን ጥራት ራሱ ስለሚመርጥ በሆትስፖት ከሆናችሁ ቪዲዮው እንደተከፈተ ጥራቱን ወደ 480 አውርዱት፣ ሳሎን ርቀት ላይ ተቀምጦ ለሚያይ ሰው ያን ያህል አይታወቅም።

ስትጨርሱ ከስልኩ ላይ ዲስኮኔክት በሉት፣ ቲቪውን ማጥፋት ብቻ አይበቃም፣ አንዳንድ ስልክ ቲቪው ሲበራ ራሱ ተመልሶ ይገናኛል። ሰው ቤት ወይም ሆቴል ቲቪ ላይ ከነበራችሁ ቲቪው ላይ የገባችሁበት የዩቲዩብ አካውንት ካለ ከሱም ውጡ፣ የስልካችሁንም ስም ከቲቪው ዝርዝር ላይ አጥፉ።